ባሕር የሌላት ሀገር ስለ ዓሣ ነባሪ ድምፅ ትስጥ?

የጅሬን ልጅ (አወያይ)፦
ሰላም ለሁላችሁ፣ የጅማ ልጆች። ያለፈው ሳምንት ወሬያችን ከቡና ዋጋ ተነስቶ ጃፓን ደርሶ ነበር። «ጃፓን ዓሣ ነባሪ ማደኗን አላቆመችም፣ ኢትዮጵያም ዝም ማለት የለባትም» የሚል ሐሳብ ተነሳ፤ «ባሕር የሌለው ሰው ምን አገባው» የሚል መልስ ተከተለ። በወጉ ሳንከራከርበት ስለተለያየን ዛሬ ጥያቄውን አቀርባለሁ፦ ኢትዮጵያ የዓለም አቀፉ የዓሣ ነባሪ ኮሚሽን አባል ሆና የንግድ አደኑ እንደታገደ እንዲቆይ ድምፅ ትስጥ? ወይስ አይመለከታትም?

ለማያውቅ ሰው፦ ኮሚሽኑ በ1946 ስምምነት የተቋቋመ ነው። በ1982 ለንግድ ማደን እንዲቆም ወሰነ፤ እገዳው ከ1986 ጀምሮ ተግባራዊ ሆነ። ኖርዌይ ያኔውኑ ስለተቃወመች አይገዛትም። አይስላንድ ወጥታ በ2002 ስትመለስ «እገዳውን አልቀበልም» ብላ ነው የገባችው። ጃፓን ደግሞ በ2019 ጭራሽ ከአባልነት ወጥታ በራሷ ባሕር ማደን ጀመረች። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ስድብ የለም፤ የወደብ ፖለቲካንም ለሌላ ቀን አቆዩልኝ።

ቆጪ ሰፈር፦
እኔ አይመለከተንም ባይ ነኝ። ዓሣ ነባሪን እዚህ ያደረሰው ማነው? ባለፈው ክፍለ ዘመን ብቻ ወደ 2.9 ሚሊዮን የሚጠጉ ትልልቅ ዓሣ ነባሪዎች ተገድለዋል። የገደሉት እነ ኖርዌይ፣ እንግሊዝ፣ ሶቪየት ኅብረትና ጃፓን ናቸው፤ የእኛ እጅ የለበትም። ስቡን እያቀለጡ ለሳሙናና ለማርጋሪን አዋሉት፤ ሌላ ዘይት ሲያገኙ አብዛኞቹ ንግዱን ተዉት። አሁን ደግሞ ሥጋውን የሚበላውን ሕዝብ ጨካኝ ይሉታል። ከህንድ አንዱ መጥቶ «ላም ቅዱስ ናት፣ ክትፎ አትብሉ» ቢለን እሺ እንላለን? ሌላው ሕዝብ የሚበላውን የምንመርጥለት እኛ ማን ነን? የውጭ ጉዳይ ሰዎቻችን ጊዜና ገንዘብ ካላቸው ለቡናችን ገበያ ይሟገቱበት።

ሄርማታ፦
ቆጪ፣ ታሪኩን በትክክል ነው ያስቀመጥከው፤ የማልስማማው መደምደሚያህ ላይ ነው። በልክ ይታደን የሚለው ነገር ተሞክሯል። ኮሚሽኑ ከተቋቋመ ጀምሮ ኮታ ነበር። ኮታ እያለ ነው የሶቪየት መርከቦች ከ1948 እስከ 1973 ባለው ጊዜ 180,000 ያህል ዓሣ ነባሪዎችን ገድለው በሪፖርታቸው ሳያስገቡ የቀሩት። ይህ ይፋ የሆነው ሶቪየት ከፈረሰች በኋላ የራሳቸው ሳይንቲስቶች መረጃውን ሲያወጡት ነው። መሐል ውቅያኖስ ላይ ቆሞ ማን ይቆጥራል? የአንታርክቲክ ሰማያዊ ዓሣ ነባሪ ከ200,000 በላይ ነበር፤ በ1970ዎቹ መጀመሪያ የቀረው ጥቂት መቶ ብቻ ነው።

ሰው እጁን ሲሰበስብ የሚሆነውንም አይተናል። ብራዚል ዳርቻ እየመጣ የሚወልደው ሃምፕባክ የሚባለው ዓሣ ነባሪ በ1950ዎቹ 450 ገደማ ደርሶ ነበር። አሁን 25,000 አካባቢ ነው። ሥጋው ምግቡ ስለሆነ ሕዝብ ካሰብክ ደግሞ፣ ለኑሮ የሚያድኑትን ኮሚሽኑ አልከለከለም። የአላስካ፣ የግሪንላንድና የሩቅ ምሥራቅ ሩሲያ የባሕር ዳር ነባር ሕዝቦች ዛሬም በፈቃድ ያድናሉ።

ቆጪ ሰፈር፦
እሺ፣ ስለ ኖርዌይስ ምን ትያለሽ? እነሱ የሚያድኑት ሚንኪ የሚባለውን ትንሹን ዓይነት ነው። በዚያ ባሕር ከ100,000 በላይ አለ፣ እነሱ በዓመት የሚይዙት ጥቂት መቶ ነው። ዘሩ አይጠፋም። ቁጥር ከሆነ መከራከሪያሽ፣ እዚህ ላይ ቁጥሩ ከእኔ ጋር ነው።

የፈረንጅ አራዳዋ፦
ልጆች፣ እኔ ስለ ቁጥር ልከራከር አልመጣሁም። አገዳደሉን አንብቤ ነው እንቅልፍ ያጣሁት። በአይስላንድ የመንግሥት የእንስሳት ቁጥጥር ባለሙያዎች በ2022 የተገደሉትን በቪዲዮ ተከታትለው ሪፖርት አወጡ። ከመርከብ የሚተኮሰው ጦር ጫፉ ላይ ፈንጂ አለው፤ ሥጋው ውስጥ ገብቶ ነው የሚፈነዳው። ከታዩት ውስጥ ከአራቱ አንዱ ያህሉ ከአንድ ጊዜ በላይ ተተኩሶበታል። አንዱ ከተመታ በኋላ ለመሞት ሁለት ሰዓት ፈጅቶበታል። ሁለት ሰዓት! ጦሩ ከነገመዱ ገላው ውስጥ ተሰክቶ። የሀገሪቱ ሚኒስትርም ይህንን አይታ በ2023 ክረምት አደኑን ለጊዜው አስቆመች። ይህን ያለው ውጭ ያለ ተቃዋሚ አይደለም፤ ያው አዳኟ ሀገር ራሷ ናት።

ሰጦ ሰመሮ፦
እማማ፣ እኛስ ከብት እናርድ የለ? ስቃይ ስቃይ ነው።

የፈረንጅ አራዳዋ፦
ልጄ፣ እዚህ ከተማ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም ሲያርድ ስመ እግዜርን ጠርቶ ነው። ቢላዋው ተስሎ ይመጣል፤ በሬው እንዳያየው እንኳ ይሸሸጋል። ያረደው ሰው እጁ ላይ ከብቱ ቢሰቃይበት ያፍራል። አባቴ ሰንጋ ሲጥል የጎረቤቱን ልጆች ሁሉ «ዞር በሉ፣ አታስጨንቁት» ይል ነበር። በሚናወጥ ባሕር፣ ከሚናወጥ መርከብ ላይ፣ ለሚሮጥ ፍጡር ተኩሶ «በአንድ ጊዜ ይሞታል» ብሎ ቃል የሚገባ ሰው የለም። ለቆጪም መልሴ ይኸው ነው፤ ሚንኪው ስለበዛ አይመመውም?

ባለ ተሳቢው፦
ከመንገድ ላይ ስለሆንኩ ዘግይቻለሁ። እኔ ከሞጆ ጅቡቲ ነው የምመላለሰው፤ ብዙ ጊዜ የምጭነው የዚሁ የእኛን ሀገር ቡና ነው። ሁላችሁም ጦር ጦር ትላላችሁ። ወደብ ላይ ጭነቱን ያራገፈ መርከብ ከፍ ብሎ ሲቆም አይታችሁ ታውቃላችሁ? ከፊቱ፣ ከውሃው ልክ ላይ፣ እንደ ትልቅ ቡጢ የወጣ ክብ ብረት አለው፤ ሲጭን ውሃ ውስጥ ይሰምጣል። የእኔ ተሳቢ ከነጭነቱ አጠገቡ ምንም አይደለም። ያ ብረት በሙሉ ፍጥነት እየሄደ እንስሳ ቢመታ ላይ ያለው ካፒቴን አይሰማውም። በ2024 ኒው ዮርክ ወደብ የገባ የመንገደኞች መርከብ ከፊቱ ላይ 13 ሜትር ያህል የሚረዝም የሞተ ዓሣ ነባሪ ተጣብቆበት ተገኝቷል። ያ ስለተጣበቀ ታየ፤ የሚበዛው ግን ይሰምጣል።

እንግዲህ ቡናችን በምን ይሄዳል? በመርከብ። ስኳሩ፣ ማዳበሪያው፣ የመኪናዬ ጎማ በምን ይመጣል? በመርከብ። መንግሥታችንም የራሱ መርከቦች አሉት። «ባሕር የለንም» እያልን ባሕሩን ግን በየቀኑ እንሄድበታለን።

ሄርማታ፦
ባለ ተሳቢው ያነሳው ነገር ላይ ልቆይበት፣ ምክንያቱም ዋናው ነገር እዚህ ነው። ጅቡቲን አልፎ ወደ ዓረብ ባሕር ሲወጣ፣ ኦማን አካባቢ፣ ከሌሎቹ የተለየ የሃምፕባክ ወገን አለ። ሌሎች ሃምፕባኮች በየዓመቱ ከቀዝቃዛው ባሕር ወደ ሞቃቱ ይመላለሳሉ፤ እነዚህ ግን ዓመቱን ሙሉ እዚያው ናቸው። ኦማን ዳርቻ ላይ የተገመተው ቁጥራቸው ከ100 በታች ነው። የህንድ ውቅያኖስ፣ ቀይ ባሕርን ጨምሮ፣ ከ1979 ጀምሮ ከንግድ አደን የተከለለ ነው። ስለዚህ እነሱን ጦር የያዘ ሰው አያሳድዳቸውም፤ የሚያሰጋቸው መርከቡና መረቡ ነው።

መረቡ እንዲያውም ይብሳል። ቱና ለመያዝ ሌሊቱን ተዘርግተው የሚያድሩ ረጃጅም መረቦች አሉ። ዶልፊንም ዓሣ ነባሪም እንደኛ አየር ነው የሚተነፍሰው፤ ተጠልፎ ላይ መውጣት ካልቻለ ታፍኖ ይሞታል። በህንድ ውቅያኖስ ብቻ በዓመት 80,000 ያህል በዚህ መንገድ እንደሚያልቁ ተገምቷል፣ አብዛኞቹ ዶልፊኖች ናቸው። በዓለም ደረጃ ግምቱ 300,000 ነው። ቆጪ፣ በኖርዌይ የሚታደነውን ጥቂት መቶ ከዚህ ጋር አስተያየው። መርካቶ በየሱቁ የተደረደረውን የቱና ቆርቆሮ አዙራችሁ እዩት፤ በምን ዓይነት መረብ እንደተያዘ የሚጽፍ ስንቱ ነው?

ሰጦ ሰመሮ፦
ፌስታሉንስ ረሳችሁት? በ2019 ፊሊፒንስ ውስጥ ሞቶ የተገኘ ዓሣ ነባሪ ሆዱ ውስጥ 40 ኪሎ ፕላስቲክ ነው የተገኘው። አዌቱ ወንዝ ክረምት ሲሞላ ይዞት የሚሄደውን ፌስታል ሁላችንም እናያለን። እኛም ገዳዮች ነን ማለት ነው።

መምህር፦
እዚህ ላይ ጂኦግራፊ ያስተማርኩ ሰው ዝም አልልም። አዌቱ ወደ ግልገል ጊቤ ይገባል፤ ግልገል ጊቤ ወደ ጊቤ፣ ጊቤ ወደ ኦሞ፣ ኦሞ ወደ ቱርካና ሐይቅ። ቱርካና መውጫ የለውም። የጅማ ከተማ ፌስታል ውቅያኖስ አይደርስም፤ በየመንገዱ ይቀራል። ከአጋሮ በኩል ያለው ውሃ ብቻ ነው ወደ ዴዴሳ ወርዶ ዓባይ የሚገባው፤ እሱም ህዳሴንና አስዋንን አልፎ ነው ሜዲትራኒያን የሚያየው። ፌስታሉን የከለከለው የ2017 ዓ.ም. አዋጅ የሚያስፈልገን ለራሳችን ወንዝና ለራሳችን ከብት ነው። ማስረጃ የሌለውን ክስ በራሳችን ላይ ስንጨምር እውነተኛው ክስ፣ ባለ ተሳቢው ያነሳው፣ ይደበዝዛል።

ስለ ዝምድና ካነሳን ግን አንድ ነገር ልጨምር። በሕይወት ካሉ እንስሳት ሁሉ ለዓሣ ነባሪ በዘር የሚቀርበው ጉማሬ ነው። ከዓሣዎቹ ይልቅ ቦዬ ረግረግ ላይ የምናውቀው ጉማሬ ይቀርበዋል። ተማሪዎቼ ይህን ሲሰሙ ማመን ያቅታቸው ነበር።

ሰጦ ሰመሮ፦
መምህር፣ ከሐዋሳም ከአዳማም የሚጣለው እንዲሁ እዚያው ስምጥ ሸለቆ ይቀራል ማለት ነዋ። ይሁን፤ እኔ አሁንም ፌስታሉ ላይ እጸናለሁ፣ ለቦዬ ጉማሬም ቢሆን።

ቆጪ ሰፈር፦
ወደ ጥያቄው ልመልሳችሁ፤ ጥያቄው አባል እንሁን ወይ ነው። አባል ከሆኑት ውስጥ ባሕር የሌላቸው አሉ፦ ስዊዘርላንድ፣ ኦስትሪያ፣ ማሊ፣ ሞንጎሊያ። ማሊና ሞንጎሊያ ድምፃቸውን ሲሰጡ የኖሩት ከጃፓን ጎን ነው። በ2006 ኮሚሽኑ የካሪቢያን ደሴት በሆነችው ሴንት ኪትስ ላይ ሲሰበሰብ እገዳውን የሚነቅፍ መግለጫ 33 ለ32 ነው ያለፈው፤ በአንድ ድምፅ! እንዲህ ባለ ቤት የድሃ ሀገር ድምፅ ዋጋ ይወጣለታል። እርዳታ ሰጪው በዚህ በኩል ይጎትታል፣ ሌላው በዚያ። እኛ ደግሞ ከጃፓን ጋር የምናጣው ነገር አለን። የበለጠ-ጌራ ጫካን ገበሬው ራሱ እንዲጠብቀው ከ2003 ጀምሮ አብረውን የሠሩት ጃፓኖች ናቸው። ዋቡብ የሚባሉት የገበሬ ማኅበራት በዚያ ነው የተቋቋሙት፤ የጫካ ቡናቸውም ምስክር ወረቀት አግኝቶ የተሻለ ዋጋ ያወጣው በዚያ ነው። ያንን ጫካ ያተረፈልንን ወዳጅ በማናውቀው ባሕር ጉዳይ ልናስቀይም?

ሄርማታ፦
የበለጠ-ጌራውን ሥራ እኔም አከብረዋለሁ፤ አጎቴ የማኅበሩ አባል ነው። ግን ወዳጅነት ዝም መባባል ነው ያለው ማነው? አውስትራሊያ ከጃፓን ጋር ትልቅ ንግድ አላት፤ ያም ሆኖ ሄግ ባለው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት ከሰሰቻት። በ2014 ፍርድ ቤቱ 12 ለ4 በሆነ ድምፅ ጃፓን አንታርክቲክ ላይ «ለምርምር» የምትለው አደን ለምርምር አይደለም ብሎ ፈረደ። ንግዱ አልተቋረጠም። ይህ የፈረንጅና የሌላው ዓለም ጠብ ነው የምትል ከሆነም፣ ከ12ቱ ዳኞች ውስጥ የኡጋንዳዋ፣ የህንዱና የቻይናዋ ዳኞች አሉ። ከተቃወሙት አራቱ ደግሞ ከጃፓኑ ሌላ የፈረንሳይ፣ የሞሮኮና የሶማሊያ ዳኞች ናቸው። በቆዳ ቀለም አልተከፋፈሉም። ደቡብ አትላንቲክ የዓሣ ነባሪ መጠለያ ይሁን ብለው ለዓመታት ሲወተውቱ የኖሩትም ብራዚል፣ አርጀንቲና፣ ኡራጓይ፣ ደቡብ አፍሪካና ጋቦን ናቸው።

ባለ ተሳቢው፦
አቦ፣ ኮሚሽን ገባን አልገባን መርከቡ ነገም ይሄዳል። እኔ የምጠይቀው የሚሠራ ነገር አለ ወይ ነው።

ሄርማታ፦
አለ። ስሪላንካ ደቡብ ሰማያዊ ዓሣ ነባሪዎች የሚሰበሰቡበት ቦታ የመርከቦች መንገድ ላይ ነው። ትልቁ የኮንቴይነር ድርጅት ኤም.ኤስ.ሲ. ከ2022 ጀምሮ መንገዱን ወደ ደቡብ ፈቀቅ አድርጎ መሄድ ጀምሯል። በአሜሪካ ምሥራቅ ጠረፍ ደግሞ ከ2008 ጀምሮ በተወሰኑ ቦታዎችና ወራት መርከቦች ከ10 ኖት፣ ማለትም በሰዓት ከ18 ኪሎ ሜትር ተኩል ያህል፣ በላይ እንዳይሄዱ ሕግ አለ። እዚያ የቀረው «ራይት» የሚባለው ዓሣ ነባሪ ከ400 በታች ብቻ ስለሆነ ነው። መርከብ ዝግ ሲል እንስሳው የመሸሽ ዕድል ያገኛል፤ ቢመታም የመትረፍ ዕድሉ ይሰፋል፤ ጩኸቱም ይቀንሳል። እነሱ የሚነጋገሩት በድምፅ ስለሆነ ጩኸቱ ራሱ ጉዳት ነው።

ቆጪ ሰፈር፦
መርከቡ ሲዘገይ የሚከፍለውስ? ቡና ላኪው ቀን ቆርጦ ነው የሚዋዋለው። ከዚህ አንድ ኮንቴይነር «ጅማ 5» የላከ ሰው ዘገየህ ተብሎ ቢቀጣ ለዓሣ ነባሪ ብዬ ነው ይበል?

ባለ ተሳቢው፦
ቆጪ ወንድሜ፣ እኔ ሞጆ ላይም ጋላፊ ድንበር ላይም ቆሜ ስጠብቅ የሚባክነውን ጊዜ አንተ አታውቀውም። ዓሣ ነባሪዎቹ ባሉበት ቦታ ብቻ ዝግ ማለት የሚያመጣው መዘግየት የሰዓታት ነው። ዝግ ሲባል ደግሞ ነዳጅ ይቆጥባል፤ ይህን ማንም ሾፌር ያውቀዋል። የሚያዘገየን ወረቀቱና ወረፋው ነው እንጂ ፍጥነቱ አይደለም።

የፈረንጅ አራዳዋ፦
ታዲያ ለምን አንጽፍላቸውም? ለመርከብ ድርጅታችን፣ ለትራንስፖርት ሚኒስቴርም። ጅማ ሆነን መጻፍ አያሳፍርም፤ ቡናው የኛ ነው።

ቆጪ ሰፈር፦
የመርከቦቹን ፍጥነትና መንገድ የሚመለከት ደብዳቤ ከሆነ እፈርማለሁ። የኮሚሽን አባልነት የሚል መስመር ከገባበት ግን ስሜን አታስገቡ።

ሄርማታ፦
እኔ አባልነቱም እንዲገባ ነው የምፈልገው፣ እሱን አልተውም። ድምፅ የሌለው ሰው ቤት ውስጥ የሚወሰነውን ከውጭ ነው የሚሰማው። ግን ሁለት ደብዳቤ እንጽፍ። የመጀመሪያውን እኔ አረቅቃለሁ፤ ሦስት ነገር እንጠይቅ፦ መርከቦቻችን ኦማን ዳርቻ ላይ የሃምፕባኮቹን መኖሪያ ራቅ ብለው እንዲያልፉ፣ የማይቻል ከሆነ ፍጥነት እንዲቀንሱ፣ ዓሣ ነባሪ ያየ ወይም የመታ መርከበኛ ቦታውንና ሰዓቱን መዝግቦ እንዲያስተላልፍ። ባለ ተሳቢው፣ ጅቡቲ የምታውቃቸው መርከበኞች ካሉ ሦስተኛውን ጥያቄ አሳያቸው፤ በመርከብ ሥራ የሚቻልና የማይቻለውን እነሱ ይንገሩን። መምህር፣ ካርታውን እርስዎ ይሥሩልን።

መምህር፦
እሠራለሁ። የአጋሮንና የዴዴሳን ጉዳይ ግን ደብዳቤው ውስጥ አታስገቡ፤ ለሌላ ደብዳቤ ይሆናል።