ላፕስካውስ በስሎው ኩከር ቢሠራ ላፕስካውስ ነው?

ምራቷ (ትሮንድሃይም)፦
ሰላም ቤቶች። የዛሬውን ክርክር እኔ ልክፈተው፤ ቤቴን ለሁለት ከፍሎታልና። ባለቤቴ ኖርዌጂያን ነው። አማቴ የሚሠሩት ላፕስካውስ ከእናታቸው የወረሱት ነው። ለማታውቁት፣ ላፕስካውስ የበሬ ሥጋ፣ ድንች፣ ካሮት፣ ሽንኩርትና ኮልሮት በአንድ ድስት ወፍሮ እስኪያያዝ የሚንተከተክበት ወጥ ነው። ኮልሮት ያ ውስጡ ቢጫ የሆነው ትልቁ ሥር ነው። ቫይታሚን ሲ ስላለው እዚህ «የሰሜን ብርቱካን» ይሉታል።

ባለፈው እሑድ እኔ ልሥራው አልኩ። ጠዋት ሥጋውንም አትክልቱንም ቆራርጬ ስሎው ኩከር፣ ያ ቀስ ብሎ ለብዙ ሰዓት የሚያበስለው የኤሌክትሪክ ድስት ውስጥ ከተትኩ። ውኃ ሞላሁበት፣ ክዳኑን ገጠምኩ። ከስምንት ሰዓት በኋላ ሥጋው በማንኪያ ይበጠሳል። ሁሉም በላ። አማቴ ማንኪያቸውን አስቀምጠው «ጥሩ ሾርባ ነው» አሉ። ላፕስካውስ ግን አላሉትም። የባለቤቴ እህት እናቷን ደገፈች፣ ባለቤቴ እኔን። ቡና እስኪፈላ ድረስ ሌላ ወሬ አልነበረም።

ጥያቄዬ ይኸው። የቤተሰብ ወጥ በኤሌክትሪክ ድስት ሲሠራ ባህሉ ይቀራል ወይስ ይቀጥላል? የእኔ ቤት ጉዳይ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ሥራ ቦታ ብጠይቅ ኖርዌጂያኖቹ ራሳቸው ሁለት ቦታ ተከፈሉ።

እናት ዓለም (ስታቫንገር)፦
እህቴ፣ እውነቱን ልንገርሽ፣ ይቀራል። እኔን ላፕስካውስ ያስተማሩኝ ጎረቤቴ የነበሩ አሮጊት ናቸው። ቅዳሜ ቅዳሜ ወጥ ቤታቸው እገባለሁ። መስኮቱ በእንፋሎት ይሸፈናል። እሳቸው በእንጨት ማንኪያ ያማስላሉ፣ እኔ ኮልሮት እልጣለሁ። ቋንቋውን የተማርኩት እዚያ ድስት አጠገብ ነው ብል ማጋነን አይደለም። አሁን ልጄን እንደዚያው አቆማታለሁ።

ማሽኑ ይህን ሁሉ ይወስደዋል። ክዳኑን አትክፈቱ ይላል መመሪያው። ያልተቀመሰ ወጥ ምን ወጥ ነው? ሽንኩርቱ ሳይቁላላ የተሠራ ዶሮ ወጥ ባቀርብላችሁ ዶሮ ወጥ ትሉታላችሁ?

ተማሪው (ኦስሎ)፦
እትዬ፣ አከብርዎታለሁ፤ ግን ጊዜ ያለው ሰው ክርክር ነው ይሄ። እኔ ቀን ትምህርት፣ ማታ ሥራ ነኝ። ስሎው ኩከር ባይኖር የምበላው የተገዛ ፒዛ ነው። ቤቴ ስገባ የሚጠብቀኝ የሥጋ ሽታ ግን የሰው ቤት ያስመስለዋል።

ደግሞ ባህል ባህል ስንል ድንቹን አንርሳ። ድንች በኖርዌይ የተስፋፋው በ18ኛው መቶ ዘመን ሁለተኛ አጋማሽ ነው። ገበሬው እንዲተክለው ቄሶች ይሰብኩ ስለነበር «የድንች ቄሶች» ተብለዋል። እንግዳ የነበረው ድንች ዛሬ ያለ እሱ ላፕስካውስ የለም። ድስቱስ ለምን እንግዳ መሆን ይከለከላል?

መርከበኛው (በርገን)፦
ልጆቼ፣ በመርከብ ላይ ወጥ ቤት ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ፤ ስለዚህ ትንሽ ልናገር። ላፕስካውስ ከመሬት ይልቅ የባሕር ምግብ ነው። እንግሊዞች ሎብስካውስ ይሉት ነበር። ሐምቡርግ ላይ ላብስካውስ ነው። ሊቨርፑል ላይ ስካውስ ሆኖ የከተማው ሰው ራሱ በወጡ ስም ይጠራል። መርከበኛው ጨው የበዛበት ሥጋና እንደ ድንጋይ የደረቀ ብስኩት ነበር የሚቀቅለው። ኒው ዮርክ ብሩክሊን ውስጥ ኖርዌጂያኖች የሰፈሩበትን 8ኛ አቬኑ «ላፕስካውስ ቡልቫርድ» ይሉት ነበር።

እዚሁ አገር ቡናማውም አለ፣ ነጩም አለ። ነጩ በአብዛኛው በጨዋማ የአሳማ ሥጋ ነው። ከትናንት የተረፈ ሥጋ የሚገባበትም አለ። እና «ትክክለኛው ይህ ብቻ ነው» የሚል ሰው ሲመጣ እኔ ዝም አልልም። የምራቷ አማት ግን እንደዚያ ያሉ አይመስለኝም። «ሾርባ ነው» ነው ያሉት። ሌላ ነገር አይተዋል።

ሼፉ (ኦስሎ)፦
ጋሼ መርከበኛው ነገሩን ያዙት። እኔ በአንድ መሥሪያ ቤት ካንቲን አሥር ዓመት ላፕስካውስ እየሠራሁ ነው፣ በትልቅ ድስትም በስሎው ኩከርም። ምራቷ፣ አማትሽ ልክ ናቸው። ማሽኑም ጥፋት የለበትም። ወጡን ሾርባ ያደረጉት ሁለት ነገሮች ናቸው።

አንደኛው ቀለሙ ነው። ስሎው ኩከር በዝቅተኛውም (ሎው) ይሁን በከፍተኛው (ሃይ) ሙቀት ከመንተክተክ አያልፍም፤ ውኃ ያለበት ነገር ከ100 ዲግሪ በላይ አይወጣም። ሥጋ ቡናማ ሆኖ ያ የጥብስ ጣዕም የሚመጣው ግን ላዩ ደርቆ ከዚያ በጣም ሲያልፍ ነው፤ 140 አካባቢ በሉት። ስለዚህ ጥሬ ሥጋ ቀጥታ ከተትሽ ማለት ቀቀልሽ ማለት ነው። እናት ዓለም ስለ ማቁላላት ያሉት እዚህ ላይ መቶ በመቶ ይሠራል። መጥበሻ አግይ። ቅቤ ጣል አድርጊ። አንድ ኪሎ ሥጋ ከሆነ ሦስት ቦታ ከፍለሽ ጥበሺው። አንዴ ካጨናነቅሽው ውኃውን ይተፋና ይቀቀላል። ቺስ የሚለው ድምፅ ወደ ቡልቅ ቡልቅ ከተቀየረ አበዛሽ ማለት ነው። መጨረሻ ላይ መጥበሻው ላይ የያዘውን ቡናማ ነገር በትንሽ ውኃ ፈቅፍቀሽ ከነውኃው ወደ ድስቱ ጨምሪው። ላፕስካውሱ እሱ ነው።

ሁለተኛው ውፍረቱ ነው፤ ብዙ ሰው የማያስተውለው ይህንን ነው። ላፕስካውስ ብዙ ጊዜ በዱቄት አይወፍርም። አማትሽ ሲያማስሉ ድንቹ ጠርዝ ጠርዙ ይፈርሳል። የፈረሰው ድንች መረቁን ያወፍረዋል። ስሎው ኩከር ውስጥ ማንም አያማስልም፤ ድንቹም እንደገባ ቅርጹን ይዞ ይወጣል። በዚያ ላይ ክዳኑ እንፋሎት አያስወጣም፤ የከተትሽው ውኃ ሁሉ እዚያው ነው። ሥጋውና አትክልቱም የራሳቸውን ይጨምራሉ። ለኪሎ ሥጋ ከሦስት እስከ አራት ዴሲሊትር (ዴሲሊትር የሊትር አንድ አሥረኛ ነው) ውኃ በቂ ነው፣ አትሙዪው። ሲበስል ሁለት ጭልፋ ድንችና ኮልሮት አውጥተሽ በሹካ ጨፍልቀሽ መልሺው። ከዚያ በእንጨት ማንኪያ አማስዪው። ጭልፋው መሐል ቆሞ ቀስ ብሎ ከወደቀ ደርሷል።

ሌላም አለ። እዚህ ማሽን ውስጥ ሥር ሥሩ ከሥጋው በኋላ ነው የሚበስለው። ድንች ከ85 ዲግሪ በታች ግትር ነው። ስለዚህ ካሮት፣ ኮልሮትና ድንች በትንሽ በትንሹ ተቆርጠው ከታች፣ ሥጋው ከላይ። ሥጋው ሆይሪግ ይሁን፤ ከትከሻው በላይ ያለው፣ ጅማትና ስብ የገባበት። ያ ጅማት ነው በብዙ ሰዓት ቀልጦ መረቁን ከንፈር ላይ የሚያጣብቀው። ለስላሳ ውድ ሥጋ አትግዢ፣ ይደርቃል። ባሮ ሽንኩርት መጨረሻ ግማሽ ሰዓት ላይ። በረዶ የሆነ ሥጋ ግን ፈጽሞ አትክተቺ። ለባክቴሪያ በሚመች ሙቀት ላይ ብዙ ሰዓት ይቆያል።

ኤሌክትሪሻኑ (ድራመን)፦
እኔ ሌላ ነገር ነው የሚያሳስበኝ። ይህን ማሽን ከፍተው ከቤት የሚወጡ ሰዎች አሉ። እዚህ አገር የሲቪል ደኅንነት ዳይሬክቶሬት ዕቃ ማጠቢያና ልብስ ማጠቢያ ሰው ተኝቶ ወይም ቤት ውስጥ ሳይኖር አታሠሩ ብሎ ይመክራል። ስሎው ኩከር አነስተኛ ኃይል ነው የሚወስደው፣ ለረጅም ሰዓትም የተሠራ ነው፤ ይህን አልክድም። ነገር ግን በማከፋፈያ ገመድ ላይ ከማሞቂያ ጋር ተሰክቶ፣ ግድግዳ ተጠግቶ፣ መጋረጃ ሥር ሆኖ አይቻለሁ። ተማሪው ወንድሜ፣ እባክህ ቤት ባለህበት ቀን ሥራውና በዕቃ በዕቃ ፍሪዘር አስገባው። ሥራ ስትሄድ ያንን ታሞቃለህ።

ተማሪው፦
ተቀብያለሁ። በማከፋፈያ ነው የሰካሁት፣ ዛሬውኑ ግድግዳ ላይ አዛውረዋለሁ።

ነርሷ (ክርስቲያንሳን)፦
ስለ ሥጋው መጠን ማንም አላነሳም። የኖርዌይ ጤና ዳይሬክቶሬት እ.ኤ.አ. በ2024 ያወጣው ምክር ቀይ ሥጋ በሳምንት ከ350 ግራም እንዳይበልጥ ይላል፣ የበሰለ ተመዝኖ። ቀድሞ 500 ነበር። አንድ ኪሎ ለአራት ሰው በአንድ ማዕድ ካለቀ የሳምንቱን ግማሽ ያህል በላችሁ ማለት ነው። እኔ ግማሽ ኪሎ ሥጋ አድርጌ ኮልሮቱን እጥፍ አደርገዋለሁ። የድሮ ሰው የሚያደርገውም ይህንኑ ነበር፤ ሥጋ ውድ ነበርና።

እናት ዓለም፦
በሥጋው ተስማምቻለሁ። የጎረቤቴም ድስት ሥጋው ተፈልጎ ነበር የሚገኘው። ሼፉ ወንድሜ ያለው ግን እኔን ነው የሚደግፈው። ቀድመህ ጥበስ፣ በኋላ ጨፍልቅ፣ አማስል። ታዲያ ማሽኑ ምን ሠራ? መሐል ላይ መቀመጥ ብቻ።

ተንከባካቢዋ (ሊለሃመር)፦
እትዬ፣ እሱ መሐል ላይ መቀመጡ ነው ድሮም የነበረው። እኔ የምሠራው ከአረጋውያን ጋር ነው። አንዲት የ90 ዓመት ሴት ስለ «ሆይካሰ» ነገሩኝ። የሣር ሳጥን ማለት ነው። ድስቱን ምድጃ ላይ ያፈሉታል። ከዚያ ድርቆሽ በተሞላ የእንጨት ሳጥን ውስጥ ይቀብሩታል፣ ላዩን በትራስ ይዘጉታል። ሰው እርሻ ወይም ከብት ቤት ይውላል። ማታ ሲመለስ ወጡ በራሱ ሙቀት በስሎ ይጠብቃል። እንጨትም ይቆጥባል። «ክዳኑን የከፈተ በጥፊ ነበር የሚባለው» አሉኝ። እሳቸው ሲነግሩኝ እጃቸው ትራሱን ሲጫን ነበር የሚያሳየኝ።

ይህ ነገር ለዓለም የታወቀው በኖርዌይ ስም ነው። እ.ኤ.አ. በ1867 የፓሪስ ዓለም አቀፍ ትርዒት ላይ ራሱን የሚያበስል የኖርዌይ ድስት ተብሎ ቀርቧል። ፈረንሳዮች ዛሬም ይህን የመሰለውን ማብሰያ «የኖርዌይ ድስት» ይሉታል። እና ተዘግቶ፣ ሳይነካ፣ ሰው ሥራ ውሎ የሚበስል ወጥ ለኖርዌይ እንግዳ ነው ከተባለ እኔ በፍጹም አልስማማም። ገመድ ተጨመረበት እንጂ ሳጥኑ ያው ነው።

መርከበኛው፦
ተባረኪ ልጄ። ይህን ስሰማ ትዝ አለኝ። ስሎው ኩከሩም የተወለደው ከአያት ወጥ ነው። ቺካጎ የነበረው ኢርቪንግ ናክሰን ነው የፈጠረው፣ ፓተንቱን ያገኘው በ1940 ነው። ሐሳቡን ያገኘው ከእናቱ ነው። በሊትዌኒያ አይሁዶች ዓርብ ማታ የሰንበትን ወጥ ዳቦ ጋጋሪው ምድጃ ውስጥ አስቀምጠው ቅዳሜ ያወጡ እንደነበር ትነግረው ነበር። ክሮክ ፖት ተብሎ ገበያ ያጥለቀለቀው ከ1971 ወዲህ ነው። አንዲት እናት ለልጇ ያወራችው ወሬ ነው እዚህ የደረሰው።

እናት ዓለም፦
ስለ ሣር ሳጥኑ አላውቅም ነበር። ቢሆንም ሣሩን የሚሞላው፣ ትራሱን የሚጫነው ሰው ነበር። ልጆቹ ያያሉ። ቁልፍ መጫን ምኑ ይታያል?

ሼፉ፦
ልጅዎን ሥጋው ሲጠበስ ያቁሟት። ድንቹን እሷ ትጨፍልቀው። ማስተማር የሚያስፈልገው እዚያ ላይ ነው፤ መሐል ላይ ያሉት ሰባት ሰዓታት የሚያስተምሩት ነገር የለም።

ምራቷ፦
ከሳምንት በኋላ ተመልሼ መጣሁ። ዛሬ እሑድ እንደገና ሠራሁት። በሦስት ዙር ጠበስኩ። ውኃውን ለካሁ። ድንቹን ጨፈለቅኩ። ፍላትብሮና ቲተባር አጠገቡ አቀረብኩ፤ ስሱ ደረቅ ቂጣቸውና ያ ጎምዛዛው ቀይ ፍሬ ማለት ነው። ቀለሙ የአማቴ ድስት ቀለም ነበር።

አማቴን ስለ ሣር ሳጥኑ ጠየቅኳቸው። ማንኪያቸውን ይዘው ትንሽ ዝም አሉ። እናታቸው ሳጥን ነበራቸው፤ በሣር ፋንታ ጋዜጣ ነበር የሚጠቀጥቁበት። ከዚያ አንድ ነገር ነገሩኝ፣ ባለቤቴም ሰምቶት አያውቅም። የእናታቸው አማት ሳጥኑን አይወዱትም ነበር። ድስት አጠገብ የማትቆም ሴት ሰነፍ ናት ይሉ ነበር አሉ። እናታቸው ግን ከብት የሚያልቡት እሳቸው ነበሩ፤ በሁለት ቦታ መቆም አይችሉም።

የባለቤቴ እህት አሁንም አልተስማማችም። በድስት የተሠራውና የእኔው ጎን ለጎን ይቅመሱ ብላለች። በሚቀጥለው ወር እሷ ድስቷን፣ እኔ ማሽኔን ይዘን እንገናኛለን። ሼፉ ወንድሜ፣ ሥጋውን ከአንድ ቁራጭ ከፍለን እንሥራው ወይስ እያንዳንዳችን የራሳችንን እንግዛ?

ሼፉ፦
ከአንድ ቁራጭ። ሆይሪጉን ሳይቆረጥ ግዙት፣ መሐል ላይ ሰንጥቁት።

እናት ዓለም፦
እኔ የእህቱ ወገን ነኝ። ልጄ ደግሞ ያንን የእንጨት ሳጥን እንሥራ እያለች ነው። ድርቆሽ የት እንደሚሸጥ የሚያውቅ ካለ ይጻፍልኝ።