ሲኒማቶግራፈር የፊልም ሥራ አመንጪ ነውን? የሌዎንስ አንሪ ቡሬል ጉዳይ

አወያይ፦ መከራከሪያችን ሲኒማቶግራፈር (የፊልሙን ካሜራና ብርሃን የሚመራው ባለሙያ) እንደ ዳይሬክተሩ ሁሉ በሕግ የፊልሙ ሥራ አመንጪ (የቅጂ መብት ያለው ፈጣሪ) ሆኖ ሊቆጠር ይገባል ወይስ አይገባም የሚል ነው። የፈረንሳይ ሕግ ከ1957 ጀምሮ (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) የስክሪፕትና የንግግር ጸሐፊዎችን፣ የሙዚቃውን ደራሲና ዳይሬክተሩን በአመንጪነት ሲጠራ፣ ካሜራ የያዘውን ሰው ግን ያልፈዋል። ለማሳያ ከ1892 እስከ 1977 የኖረውን ፈረንሳዊ ሲኒማቶግራፈር ሌዎንስ አንሪ ቡሬልን እንያዝ።

ብርሃንና ጥላ፦ ሊቆጠር ይገባል። ቡሬል በ1919 እና በ1923 ለእይታ የበቁትን የዳይሬክተር አቤል ጋንስን «ዣኪዩዝ» እና «ላ ሩ» ሲቀርጽ፣ የዘመኑ ጥሬ ፊልም ቀይ ቀለምን ስለማያይ የተዋናይ ፊት ይጠቁር፣ ሰማዩ ደግሞ ነጥቶ ይጠፋ ነበር። ድምፅ በሌለበት ሲኒማ ፊት ማለት ንግግር ነውና፣ ያን ፊት በብርሃን የሚያናግር ሰው አመንጪ ካልተባለ ማን ሊባል ነው?

አራተኛ ረድፍ፦ አልስማማም። ይኸው ሰው ከጋንስ ጋር ሲሠራ ካሜራው ይከንፋል፣ ምስል በምስል ላይ ይደራረባል፤ ከ1951 ጀምሮ ከሮቤር ብሬሶን ጋር ሲሠራ ግን ምስሉ ጌጡን ሁሉ አራግፎ እንደ መናኝ ጭምት ይሆናል። ልዩነቱ የዳይሬክተሮቹ ነው። እርስዎ የሚያወድሱት ችሎታውን ነው፤ ችሎታ ደግሞ፣ የቱንም ያህል ቢረቅ፣ አመንጪነት አይደለም።

ብርሃንና ጥላ፦ መመዘኛዎ ይህ ከሆነ የሙዚቃ ደራሲውም ይውጣ፤ እሱም ለሐዘን ሐዘን፣ ለጦርነት ጦርነት እያለ እንደ ዳይሬክተሩ ፍላጎት ይደርሳልና።

የሕግ ሰው፦ ሁለታችሁም ዝርዝሩን ክልከላ አደረጋችሁት እንጂ የሕግ ግምት፣ ማለትም ተቃራኒው እስኪረጋገጥ የሚያዝ መነሻ፣ ብቻ ነው፤ ሲኒማቶግራፈሩ የፈጠራ ድርሻውን ካስረዳ ፍርድ ቤት ሊቀበለው ይችላል።

ብርሃንና ጥላ፦ ሌሎቹ ሳይጠየቁ እሱ ብቻ ለምን ያስረዳ?

አራተኛ ረድፍ፦ መዘዝ ስላለው ነው። የቅጂ መብት ጥበቃው ከመጨረሻው አመንጪ ሞት በኋላ 70 ዓመት የሚዘልቅ ከሆነ፣ በ1948 የሞተው ዳይሬክተር ዣክ ፌዴር በ1922 ከቡሬል ጋር የሠራው «ክሬንክቢል» በቡሬል ሰበብ እስከ 2047 መጨረሻ ሊታሰር ነው፤ አሮጌ ፊልም ለማደስ የሚደክሙትን ቤተ መዛግብት ማን አሰበላቸው?

የሕግ ሰው፦ ይህ ስጋት አይነሣም። በ1993ቱ የአውሮፓ መመሪያ የመጣው ደንብ የጥበቃውን ዘመን የሚቆጥረው ከዋናው ዳይሬክተር፣ ከስክሪፕት ጸሐፊው፣ ከንግግር ጸሐፊውና ለፊልሙ ተብሎ የተሠራውን ሙዚቃ ከደረሰው ሰው ሞት ብቻ ስለሆነ፣ አንድ አገር ሌላ አመንጪ ቢጨምርም ስሌቱ አይለወጥም።

አራተኛ ረድፍ፦ ታዲያ የ1927ቱን የጋንስን «ናፖሌዎን» ምን ልታደርጉት ነው? ቀረጻውን ዡል ክሩገር በዋናነት ቢመራውም ቡሬልና ሙንድቪለርን ጨምሮ ብዙዎች ቀርጸውታል፤ በሦስት ሸራ ጎን ለጎን የሚታየውን መጨረሻውን ለማን ትሰጡታላችሁ?

ብርሃንና ጥላ፦ ለቀረጹት ሁሉ በየድርሻቸው ነዋ። አንድን ስክሪፕት አራት ሰዎች ሲጽፉት፣ ብዙ ናችሁና አንዳችሁም ጸሐፊ አይደላችሁም የሚላቸው የለም።