ለወረዳ መርማሪዎች የኤግዚቢት አያያዝ ሥልጠና ከየት ይገኛል?

ሰላም ለሁላችሁ። በአንዲት አነስተኛ ከተማ፣ በወረዳ ፖሊስ ጽሕፈት ቤት ወንጀል ምርመራ ላይ እሠራለሁ። መርማሪዎቹ ጥቂት ነን፤ አብዛኞቻችን ከመሠረታዊ ሥልጠና በኋላ ሥራውን የለመድነው ነባር ባልደረቦችን እያየን ነው። ቃል መቀበልና መዝገብ ማደራጀት አያቅተንም። የሚቸግረን የወንጀል ሥፍራና ኤግዚቢት (ለማስረጃ የሚያዝ ዕቃ) አያያዝ ነው።

በቅርቡ በአንድ የግድያ መዝገብ ደም የነካው ሸሚዝ እርጥቡን በፌስታል ታስሮ መጣ። እንዲህ ያለ ልብስ በጥላ ደርቆ በወረቀት ከረጢት መታሸግ አለበት፤ ፌስታል ውስጥ ከታፈነ ይሻግታል፣ ለዲኤንኤ ምርመራም ላይሆን ይችላል። ሸሚዙ ሻገተ። ማን አንሥቶ ለማን እንዳስረከበ የሚያሳይ ፊርማም አልነበረም። የሟች እናት ዛሬም እየመጡ ይጠይቁናል።

ሰንዳፋ ወደሚገኘው የኢትዮጵያ ፖሊስ ዩኒቨርሲቲ ሰው ለመላክ በበላይ መሥሪያ ቤታችን በኩል ጻፍን፤ መልሱ «ኮታ ሲመጣ» ሆነ። ቢመጣም አንድ መርማሪ ለወራት መልቀቅ ከባድ ነው፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል፣ ሰው ሲጎድል መጀመሪያ የሚጣሰው ይሄ ነው። ከኢንተርኔት ያወረድነው ማሠልጠኛ ደግሞ የሚያወራው እኛ ስለሌለን መሣሪያ ነው። ያለን ጓንት፣ ሜትርና የእጅ ስልክ ነው።

አሠልጣኝ ወረዳችሁ ድረስ አስመጥታችሁ በዚሁ በኤግዚቢት አያያዝ ከሥራ ሳትለዩ የሠለጠናችሁ ካላችሁ፣ ጥያቄውን ለየትኛው ክፍል፣ በማን በኩል አቀረባችሁ?