የአገረ ገዥን መኖሪያ ለገና በነፃ ማስዋብ ወደ አሜሪካ ለአዲስ ሂያጅ ይጠቅማል?

ጥያቄ፣ ከደብረ ብርሃን

የተከበራችሁ የሰሜን ሸዋ ተወላጆች፣ በዚህ ከተማ የሠርግና የምርቃት አዳራሽ በማስዋብ 8 ዓመት ሠርቻለሁ፤ አሁን በዲቪ ወደ አሜሪካ ልሄድ ነው። በዚያ የአገረ ገዥዎችን መኖሪያ ለገና የሚያስውቡ በጎ ፈቃደኞች እንዳሉ ሰማሁ። ያለ ክፍያ መሥራቱ ለሙያዬ መንገድ ይከፍትልኝ ይሆን?

መልስ፣ ከአሜሪካ

እኅቴ፣ እኔ የአንኮበር ልጅ ነኝ፤ በምኖርበት ግዛት የአገረ ገዥው መኖሪያ በሆነው አሮጌ ቤት ይህንኑ ሥራ ሁለት ዓመት ሠርቻለሁ። ለምሳሌ በፕሬዚዳንቱ መኖሪያ በዋይት ሐውስ የገና ዛፍ መቆም የጀመረው በ1889 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ሲሆን፣ ዛፉን በአንድ ጭብጥ የማስዋቡን ልማድ ያመጡት ዣክሊን ኬኔዲ ናቸው፤ በ1961። በሰማያዊው ክፍል የሚቆመው ዛፍ ጣሪያ ስለሚደርስ፣ ትልቁ የጣሪያ መብራት ወርዶ ቦታውን ለዛፉ ይለቃል። ከየግዛቱ የሚመጡት በጎ ፈቃደኞች ከአሜሪካውያን የምስጋና ቀን (ታንክስጊቪንግ) በኋላ በጥቂት ቀናት ያጠናቅቁታል፤ የጉዞና የማደሪያ ወጪውን የሚችሉት ራሳቸው ናቸው። እኔ የሠራሁበት ቤት አነስተኛ ቢሆንም አካሄዱ ተመሳሳይ ነው።

ሥራው ግን የሠርግ አዳራሽ አይምሰልሽ። እኛ ጨርቁን በስፒል ወጥረን፣ ፊኛውን በፕላስተር ለጥፈን በአንድ ሌሊት እንጨርሳለን፤ እዚያ ግን ግድግዳው ራሱ ቅርስ ስለሆነ ምስማርም ፕላስተርም አይነካውም። የጥድ ጉንጉኑ በደረጃው መደገፊያ ላይ የሚታሰረው በለስላሳ ጨርቅ በተጠቀለለ ሽቦ ነው፤ እንጨቱን እንዳይጭርም የሽቦው ጫፍ ወደ ውስጥ ይታጠፋል። በልጅነታችን ከምኒልክ ቤተ መንግሥት በተረፈው ግድግዳ ላይ እየተንጠላጠልን ላደግን ለእኛ፣ አሮጌ ግድግዳን መፍራት አዲስ ትምህርት ነው።

በመጀመሪያው ቀን ያሰርኋቸውን 40 ያህል ሪባኖች አስተባባሪዋ በትሕትና አስፈታችኝ። ማማሩን አምረው ነበር፤ ነገር ግን የቋጠሮው ጆሮ በንድፉ ላይ ካለው ልክ ሁለት ጣት ያህል ይረዝም ነበር። ባለሙያ ነኝ ብዬ ስለሄድሁ ነገሩ ቶሎ አልተዋጠልኝም፤ ዛሬ እንጀራ የሚያበላኝ ግን ያን ቀን የለመድሁት ልክ ነው።

በቀጥታ ሥራ ያስገኝልሻል ብዬ አልዋሽሽም። እኔን የጠቀመኝ፣ አጠገቤ ጉንጉን ታስር የነበረች የአበባ ሱቅ ባለቤት በየካቲት ሰው ሲያጥራት ስልክ መደወሏ ነው። ስለዚህ የቤት ኪራይሽ ሳይደላደል፣ በመጀመሪያው ዓመትሽ ባትሞክሪው እመርጣለሁ። ሰሞኑ ጾመ ነቢያት የገባበት ስለሆነና የሚቀርበው ብስኩት ሁሉ ቅቤ ስላለበት ስንቅሽን ያዢ።

ለማስዋቡ አመልካቹ ብዙ ነው፤ ጌጡን ለማንሣት ግን ሰው ይጠፋል፤ የሚነሣውም በእኛ ገና ዋዜማ ሰሞን ነው። በመጀመሪያው ዓመት ዶሮዬን ልሠራ ብዬ ቀርቼ ነበር። በሁለተኛው ሄጄ፣ እያንዳንዱ ጌጥ በስስ ወረቀት ተጠቅልሎ፣ ቁጥር ተጽፎበት፣ የቆመበት ክፍል ፎቶግራፍ በተለጠፈበት ሣጥን ሲገባ ያየሁት ለሙያሽ ከማስዋቡ ይበልጥ ይጠቅምሻል።

ጥያቄ፣ ከደብረ ብርሃን

እግዚአብሔር ይስጥልኝ እትዬ። የማንሣቱ ማመልከቻ ለብቻው ነው?

መልስ፣ ከአሜሪካ

በእኛ ግዛት ቅጹ አንድ ነው፤ ከታች ያለችው ትንሽ ሣጥን ላይ ምልክት ማድረግ ብቻ ነው። ብዙው ሰው ሳያያት ያልፋል።