ሻቶ ጋያር እንዴት በ6 ዓመት ወደቀ?

ጥያቄ፦
ሰላም ቤተሰብ፣ ሰሞኑን የሻቶ ጋያርን ፎቶ አየሁ፣ ፈረንሳይ፣ ኖርማንዲ ውስጥ ከሴን ወንዝ በላይ ገደል አፋፍ ላይ ያለው የግንብ ፍርስራሽ ማለቴ ነው። ያሠራው ያኔ ኖርማንዲንም ይገዛ የነበረው የእንግሊዝ ንጉሥ ልበ አንበሳው ሪቻርድ ነው፣ እ.ኤ.አ. ከ1196 እስከ 1198፣ በ2 ዓመት ብቻ! 12,000 ፓውንድ ገደማ ፈሶበታል፣ ለዛ ዘመን ስንት እንደሆነ አስቡት። ታዲያ ይሄ ሁሉ ተለፍቶበት በ1204 እንዴት ፈረንሳዮች እጅ ገባ? ደሞ እንዲህ የፈራረሰው በዛ ጦርነት ነው?

መልስ፦
ዋናው ነገር ሪቻርድ አለመኖሩ ነው። በ1199 በቀስት ተመትቶ ሞተና ዙፋኑ ለወንድሙ ለጆን ሆነ። የፈረንሳዩ ንጉሥ ፊሊፕ 2ኛ በ1203 ግንቡን ሲከበው ጆን በወንዙና በየብስ እርዳታ ሊያስገባ ሞክሮ ከሸፈበት፣ ዓመቱ ሳያልቅ እሱም ወደ እንግሊዝ ተሻገረ፣ ውስጥ ያሉት ብቻቸውን ቀሩ ማለት ነው። ግንቡ እኮ አንዱ ቅጥር ቢወድቅ ወደ ሌላው ማፈግፈግ እንዲቻል ሆኖ ነው የተሠራው፣ ፈረንሳዮቹ ግን የውጪውን ማማ ከሥሩ ቆፍረው ናዱት፣ ቀጥሎ ደግሞ ራሱ ጆን ባስጨመረው ቤተ ጸሎት በኩል ሾልከው ገቡ።

መልስ፦
እኔ የሰማሁት በሽንት ቤቱ ቱቦ ነው የገቡት ሲባል ነው?

መልስ፦
ሁለቱም ይባላል፣ እኔ የቤተ ጸሎቱን መስኮት ነው የማምነው። ግን ወገኖቼ ሰው ሁሉ ስለ መስኮቱ እያወራ ሕዝቡን ይረሳል። የአካባቢው ሰው ሸሽቶ ግንቡ ውስጥ ተጠልሎ ነበር፣ ምግብ እያነሰ ሲመጣ የግንቡ አዛዥ ሮጀር ደ ሌሲ አስወጣቸው፣ መጀመሪያ የወጡትን ፈረንሳዮቹ አሳለፏቸው፣ መጨረሻ ላይ የወጡትን ግን ከለከሏቸው፣ ተመልሰው እንዳይገቡ ደሞ በሩ ተዘግቷል። በሁለቱ ጦር መሀል ሸለቆው ውስጥ ክረምቱን በብርድና በረሃብ አለቁ፣ የተረፉትን በኋላ ራሱ ፊሊፕ ነው ያሳለፋቸው። ይሄን ባነበብኩ ቁጥር ያመኛል።

መልስ፦
ስለ መፍረሱ፣ ጦርነቱ አይደለም። ከ1204 በኋላ ለዘመናት ሰው ነበረበት፣ የስኮትላንዱ ንጉሥ ዳዊት 2ኛ ልጅ ሆኖ ሲሰደድ የኖረው እዛ ነው። በ1599 የፈረንሳዩ ንጉሥ ሄንሪ 4ኛ ነው ይፍረስ ብሎ ያዘዘው፣ የታጠቀ ቡድን ይዞት ሕዝቡን እንዳያስቸግር ተፈርቶ፣ ከድንጋዩም ለካፑቺን (የካቶሊክ) መነኮሳት ገዳም ማደሻ ተወስዷል።

ጠያቂ፦
በጣም አመሰግናለሁ። ፎቶውን መልሼ ከፍቼ ያ ሸለቆ የቱ ጋ እንደሆነ እየፈለግኩ ነው፣ የሚያውቅ ካለ ያሳየኝ።