ሃድ ስቱዋርት፦ ከቨር ፖይንት፣ የ1906–07 ቡድኖቹና የስታንሊ ዋንጫ

ሰባተኛው_ተጫዋች (ጥያቄ)

ሰላም ለሁላችሁ። ስለ ካናዳዊው የበረዶ ሆኪ ተጫዋች ሃድ ስቱዋርት አጭር የሕይወት ታሪክ እያዘጋጀሁ ነው፤ ሦስት ነገሮች አልገጥም ብለውኛል። አንደኛ፣ የዛሬ መዝገቦች «ተከላካይ» ይሉታል፣ የዘመኑ የጨዋታ ዘገባ ግን «ከቨር ፖይንት» ነው የሚለው። ከአሁኑ ተከላካይ ጋር አንድ ነው? ሁለተኛ፣ በ1906–07 የውድድር ዘመን በፒትስበርግም በሞንትሪያል ዋንደረርስም ስሙ ይገኛል። ከሁለቱ አንዱ ስህተት ነው? ሦስተኛ፣ የስታንሊ ዋንጫ የአማተሮች ከነበረ፣ ከ1902 ጀምሮ በደመወዝ ሲጫወት የኖረ ሰው በ1907 እንዴት ሊያነሳው ቻለ? ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

የድሮ_በረዶ

የመጀመሪያውን ልመልስ። ሥራው ይቀራረባል፣ አቋቋሙ ግን ሌላ ነው። ያኔ አንድ ቡድን በረዶ ላይ የሚያሰልፈው ሰባት ሰው ነበር፦ በረኛ፣ ፖይንት፣ ከቨር ፖይንት፣ ሮቨር (ቋሚ ቦታ ሳይኖረው የሚዘዋወር)፣ መሐል አጥቂና ሁለት የክንፍ ተጫዋቾች። ሁለቱ ተከላካዮች እንደ ዛሬው ግራና ቀኝ ተከፍለው አይቆሙም፤ አንዱ ከአንዱ ፊት ነው። ፖይንቱ በረኛው ፊት ይቆማል፣ ከቨር ፖይንቱ ደግሞ ከፖይንቱ ፊት፣ ወደ ሜዳው መሐል ጠጋ ብሎ። አጥቂ ፓኩን (በዱላ የሚገፋውን ጠፍጣፋ ጎማ) ይዞ ሲመጣ መጀመሪያ የሚጋፈጠው ከቨር ፖይንቱን ነው። እሱን ካለፈ ፖይንቱ ይጠብቀዋል።

ነገሩ የሚገባህ ግን የኦፍሳይድ ሕጉን ስታውቅ ነው። ወደ ፊት ማቀበል ክልክል ነበር፤ ከፓኩ ፊት ያለ የቡድን ጓደኛ ከጨዋታ ውጪ ነው። ስለዚህ ተከላካይ ፓኩን ሲነጥቅ ሁለት ምርጫ ብቻ ይኖረዋል። ወይ በዱላው አንስቶ በአየር ላይ ወደ ተቃራኒው ጫፍ ይልከዋል፣ ወይ ራሱ እየገፋ ይሮጣል። ፖይንት አብዛኛውን ጊዜ የመጀመሪያውን ይመርጣል፣ ምክንያቱም እሱ ከተነጠቀ ጎሉ ፊት የሚቀረው በረኛው ብቻ ነው፤ በረኛውም በዚያ ዘመን ሕግ በረዶው ላይ ተኝቶ ማዳን አይችልም። ከቨር ፖይንት ግን ከኋላው አንድ ሰው ስላለው የመሮጥ ነጻነት አለው። የስቱዋርት ዝናም ከዚሁ የመጣ ነው፦ 6 ጫማ ቁመትና 190 ፓውንድ ክብደት ይዞ አጥቂውን ያስቆማል፣ ከዚያም ፓኩን ይዞ እንደ አጥቂ ይወጣል።

ሩጫው ዋጋ ያስከፍላል። ጨዋታው ሁለት ግማሽ ነበር፣ እያንዳንዱ 30 ደቂቃ። እንደ ዛሬው በየደቂቃው መቀያየር የለም፤ የጀመሩት ሰዎች ናቸው የሚጨርሱት። ሰው ሲጎዳ ብዙ ጊዜ ተቃራኒው ቡድንም አንድ ሰው አስወጥቶ ቁጥሩ ይስተካከላል። ስለዚህ በመጀመሪያው ግማሽ በየአጋጣሚው የሚሮጥ ተከላካይ በሁለተኛው መመለስ ያቅተዋል። ጎሎቹን ብቻ ቆጥረህ አትመዝነው፤ ለጎል ያመቻቸ ሰው በዚያን ጊዜ አይመዘገብም ነበር።

መዳብ_ከተማ

ሁለቱም ትክክል ናቸው፤ በአንድ የውድድር ዘመን ለሁለቱም ተጫውቷል። ቅደም ተከተሉ እንዲህ ነው። የካቲት ወር በ20ኛው ቀን 1879 ኦታዋ ተወለደ። ለኦታዋ ክለብ፣ ቀጥሎ ለኩቤክ ተጫወተ። በ1902 ወደ ፒትስበርግ ተሻግሮ ለባንከርስ ቡድን በደመወዝ ፈረመ። በ1903–04 ሚሺጋን ውስጥ በሆውተን ከተማ ለፖርቴጅ ሌክስ ነበር። በ1904 ሙሉ በሙሉ ፕሮፌሽናል የሆነው የመጀመሪያው ሊግ፣ ዓለም አቀፉ የፕሮፌሽናል ሆኪ ሊግ፣ ሲቋቋም ካልዩመት 1,800 ዶላር ከፍሎ በተጫዋችነት፣ በአሰልጣኝነትና በሥራ አስኪያጅነት ወሰደው። ካልዩመት የሊጉን የመጀመሪያ ዋንጫ በ1905 አነሳ። ሆውተንና ካልዩመት የመዳብ ማዕድን አካባቢዎች ናቸው፤ ያንን ደመወዝ የተሸከመው ከማዕድኑ የሚመጣው ገንዘብ ነው። በ1905–06 መጀመሪያ ከሊጉ ታገደ፣ እገዳው ሲነሳም ለፒትስበርግ ተሰለፈ።

አሁን ወደ ጥያቄህ። ፒትስበርግ በዱኬን ጋርደን ሰው ሠራሽ በረዶ ነበረው፤ ስለዚህ ውድድሩን ክረምቱ ሳይበረታ መጀመር ይችላል። ሞንትሪያል ግን በተፈጥሮ በረዶ ስለሚጫወት የሊጉ ጨዋታ ዋናው ከጥር እስከ መጋቢት ነው። ስቱዋርት በታኅሣሥ 1906 ከፒትስበርግ ጋር ተጣልቶ ሲወጣ የዋንደረርስ የሊግ ውድድር ገና አልተጀመረም ነበር። በሰንጠረዥህ ለ1906–07 ሁለት መስመር ስጥ፣ ድምሩንም አታቀላቅል፤ ሊጎቹ የተለያዩ ናቸው።

በዓለም አቀፉ የፕሮፌሽናል ሊግ የሚያሳስት ሌላም ነገር አለ። ሶልት ሴንት ማሪ የሚባሉ ሁለት ቡድኖች ነበሩ፣ አንዱ የሚሺጋን፣ ሌላው የኦንታሪዮ። ከተሞቹ በወንዝ ነው የሚለያዩት። ውጤት ስትገለብጥ የቱ እንደሆነ ካልጻፍክ ጨዋታዎቹ ይምታቱብሃል።

ዋንደረርስ_07

ሦስተኛው የእኔ ይሁን። የምሥራቅ ካናዳ አማተር ሆኪ ማኅበር ለ1906–07 ፕሮፌሽናሎች ከአማተሮች ጎን እንዲጫወቱ ፈቀደ፤ የገባው ቅድመ ሁኔታ ማን ደመወዝተኛ እንደሆነ በይፋ እንዲታወቅ ነው። በማኅበሩ ስም ውስጥ «አማተር» የሚለውን አይተህ አትሳሳት። ከዋንደረርስ ፕሮፌሽናሎች መካከል ስቱዋርት፣ በረኛው ራይሊ ኸርን፣ ኧርኒ ጆንሰንና ጃክ ማርሻል ይገኙበታል። ዋንጫውን ይዘው ሳለ በታኅሣሥ 27 እና 29፣ 1906 ሊነጥቃቸው የመጣውን የኒው ግላስጎው ቡድን 10 ለ 3 እና 7 ለ 2 አሸነፉ። ፕሮፌሽናሎች ለስታንሊ ዋንጫ ሲጫወቱ ያ የመጀመሪያው ነው።

በጥር 1907 ኬኖራ ቲስልስ ሞንትሪያል ድረስ መጥቶ 4 ለ 2 እና 8 ለ 6 ረትቶ ዋንጫውን ወሰደ። ዋንደረርስ ግን የራሱን ሊግ አሥሩንም ጨዋታ አሸንፎ ጨረሰና በመጋቢት ዊኒፔግ ላይ ኬኖራን በድጋሚ ገጠመ። የመጀመሪያውን 7 ለ 2 አሸነፈ፣ ሁለተኛውን 6 ለ 5 ተሸነፈ፤ የሚቆጠረው የጎል ድምር ስለነበር በ12 ለ 8 ዋንጫው ተመለሰ። በአንዳንድ ዝርዝር «1907 ኬኖራ» በሌላው «1907 ዋንደረርስ» የሚለው ሁለቱም እውነት ስለሆነ ነው፤ ወሩን ጨምርበት።

አንድ ነገር እንዳትዘል እለምንሃለሁ፦ በዚያው ጥር ከኦታዋ ጋር የተደረገውን ጨዋታ። የኦታዋው አልፍ ስሚዝ ስቱዋርትን በዱላ መትቶ ዘረረው፣ የጆንሰን አፍንጫም ተሰበረ። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደርሶ አልፍ ስሚዝና የቡድን ጓደኛው ቻርልስ ስፒታል እያንዳንዳቸው 20 ዶላር ተቀጡ። ከቨር ፖይንት መሆን በአካል ምን እንደሚያስከፍል ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ዘገባ የለም፤ እኔ ብጽፈው ለኬኖራ ከሰጠሁት እኩል ቦታ እሰጠው ነበር።

ሰባተኛው_ተጫዋች

እግዚአብሔር ይስጣችሁ፣ ሁሉም ገጠመ። አንድ ብቻ ቀረኝ፦ በዋንደረርስ የ1908 አሰላለፍ ውስጥ «ስቱዋርት» አለ። እሱ ደግሞ በ1907 ሞቷል።

የድሮ_በረዶ

ወንድሙ ብሩስ ነው። ብሩስ አጥቂ ነበር፣ ዋንደረርስን የተቀላቀለው ለ1907–08 ነው። በኦታዋ፣ በኩቤክና በፖርቴጅ ሌክስ ሁለቱ አብረው ስለተጫወቱ የአባት ስም ብቻ የሚጽፍ ዘገባ ስታገኝ ቦታውን እይ፤ ከቨር ፖይንት ከሆነ ሃድ፣ ከፊት መስመር ከሆነ ብሩስ ሊሆን ይችላል። ሁለቱም የሆኪ ዝነኞች አዳራሽ ውስጥ ናቸው፣ ሃድ በ1945፣ ብሩስ በ1961 ገብተዋል፤ እዚያም እንዳይቀያየሩብህ።

ሞቱን በትክክል አስፍር፦ ሰኔ 23፣ 1907፣ ቤልቪል አጠገብ በኩዊንቴ ባሕረ ሰላጤ። ጥልቀት በሌለው ውኃ ጠልቆ ራሱ ከድንጋይ ጋር ተጋጨ፤ 28 ዓመቱ ነበር። ሚስትና ሁለት ልጆች ተረፉት። ለእነሱ መርጃ ጥር 2፣ 1908 በሞንትሪያል አሬና ዋንደረርስ ከሊጉ ምርጥ ተጫዋቾች ጋር ገጥሞ 10 ለ 7 አሸነፈ፣ ከ2,000 ዶላር በላይም ተሰበሰበ። በየትኛውም ስፖርት የመጀመሪያው የኮከቦች ጨዋታ ተብሎ የሚጠቀሰው ይኸው ነው። የሊግ ጨዋታ ስላልነበር ግን ውጤቱን ከዋንደረርስ የ1908 የሊግ ድምር ጋር አትደምረው፤ የብሩስንም የጎል ቁጥር ያዛባብሃል።