ሙሳሺ ኮሱጊ፦ «ከጣቢያው በእግር 5 ደቂቃ» ሲባል ከየትኛው በር ነው?

አዲስ ገቢ፦

ጤና ይስጥልኝ። በሚቀጥለው ወር ሥራ ለመጀመር ከሴንዳይ ወደ ካዋሳኪ ከተማ ልዛወር ነው። መሥሪያ ቤቴ ቶኪዮ ውስጥ ሺናጋዋ ጣቢያ አጠገብ ስለሆነ፣ በዮኮሱካ መስመር አሥር ደቂቃ ያህል ብቻ የሚያስኬደውን ሙሳሺ ኮሱጊን መረጥኩ። የቤት አከራይ ወኪሉ የሰጠኝ ወረቀት «ከጣቢያው በእግር 5 ደቂቃ» ይላል። ባለፈው ቅዳሜ ቤቱን አይቼ ስመለስ በእርግጥም በአምስት ደቂቃ ጣቢያው ደረስኩ፤ ነገር ግን ካርዴን አስነክቼ ከገባሁ በኋላ የዮኮሱካውን ባቡር ለማግኘት ማለቂያ የሌለው በሚመስል መተላለፊያ ተጓዝኩ። ሰዓቴን ስመለከት ከቤቱ ደጃፍ እስከ ባቡሩ መጠበቂያ አሥራ አራት ደቂቃ ወስዶብኛል። መንገድ ስቼ ነው ወይስ ጣቢያው ተፈጥሮው እንዲህ ነው? የጠዋቱ ግፊያስ እንደሚወራው ነው? ውሉን የምፈርመው ዓርብ ስለሆነ አካባቢውን የምታውቁ ብትመልሱልኝ ትልቅ ውለታ ነው።

የናምቡ ተሳፋሪ፦

መንገድ አልሳቱም። ሙሳሺ ኮሱጊ ስሙ አንድ ይሁን እንጂ በተግባር ሁለት ጣቢያ ነው፤ እርስዎ የገቡት በናምቡ መስመር በር ሲሆን፣ ከዚያ እስከ ዮኮሱካው መድረክ፣ ማለትም ባቡሩ መጠበቂያ፣ 400 ሜትር ያህል ይሆናል። በመካከሉ ተንቀሳቃሽ የእግር መንገድ ቢዘረጋም፣ ጠዋት ላይ ሰዉ ስለሚጠቀጠቅበት ጊዜ ያተርፋል ብዬ አልምልልዎትም።

ምክንያቱ የሃዲዶቹ ታሪክ ነው። የናምቡ መስመር ከካዋሳኪ ተነሥቶ ወደ ታቺካዋ የሚሄድ፣ በዚህ አካባቢ ከ1927 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ያለ አሮጌ መስመር ነው። የዛሬዎቹ የዮኮሱካ ባቡሮች የሚሄዱበት ሃዲድ ግን በ1929 ከሺናጋዋ ወደ ፁሩሚ ለዕቃ ባቡሮች የተሠራ ነበር፤ የዕቃ ባቡር ሰው ስለማይጭን ኮሱጊ ላይ መቆሚያ አላስፈለገውም። በ1980 የዮኮሱካ መስመር ከቶካይዶ መስመር ተለይቶ በዚያ ሃዲድ መሄድ ከጀመረ በኋላም ባቡሮቹ ለሠላሳ ዓመት ያህል በኮሱጊ በኩል ሳይቆሙ ያልፉ ነበር። መድረክ የተሠራላቸው በማርች 2010 ነው። ሁለቱ መስመሮች እርስ በርስ የሚተላለፉበት ቦታ ላይ መድረክ የሚያቆሙበት ስፍራ ስላልነበረ፣ በደቡብ በኩል፣ ከፈጣኑ ባቡር ከሺንካንሰኑ ሃዲድ ጎን በሚገኘው ጠባብ መሬት ላይ አሳረፉት። የእርስዎ ዘጠኝ ደቂቃ የሄደው እዚያ ነው።

ወረቀቱም አልዋሸም። በጃፓን የቤት ማስታወቂያ ሲጻፍ 80 ሜትር እንደ አንድ ደቂቃ ይቆጠራል፤ ስለዚህ አምስት ደቂቃ ማለት እስከ 400 ሜትር ማለት ነው። ስሌቱ ግን የሚነሣው ለቤቱ ከሚቀርበው የጣቢያ መግቢያ ነው እንጂ እርስዎ ከሚሳፈሩበት መድረክ አይደለም። ወኪሉን «ከጣቢያው ስንት ደቂቃ ነው?» ብለው አይጠይቁት። «ከዮኮሱካ መስመር ከአዲሱ የደቡብ በር ስንት ሜትር ነው?» ይበሉት፤ መልሱን ለማግኘት ካርታ ማውጣቱ አይቀርም።

ስለ ግፊያው፦ በየአካባቢው የነበሩ ፋብሪካዎች እየፈረሱ በምትካቸው ረጃጅም የመኖሪያ ሕንጻዎች ስለተተከሉ፣ መድረኩ ሲሠራ ከታሰበው በላይ ሰው መጣ። በ2018 አካባቢ ከአዲሱ የደቡብ በር ውጭ መንገድ ላይ እንሰለፍ ነበር። በዲሴምበር 2022 ወደ ዮኮሃማ ለሚሄዱት ባቡሮች ለብቻው መድረክ ስለተከፈተ፣ አሮጌው መድረክ በሙሉ ወደ ቶኪዮ ለምንሄደው ተለቀቀ፤ ከዓመት በኋላ ደግሞ በፁናሺማ ጎዳና በኩል አዲስ በር ተጨመረ። አሁን ሰልፉ ቀርቷል፤ ባቡሩ ውስጥ ግን ያው ነው።

ባለ ሁለት ካርድ፦

ከላይ በተባለው እስማማለሁ፤ ሁለት ነገር ልጨምር። አንደኛ፣ በዮኮሱካው መድረክ የሚቆም ባቡር ሁሉ ወደ ሺናጋዋ አይሄድም። የሾናን ሺንጁኩ ባቡሮች ከዚያው መድረክ ተነሥተው በኦሳኪ በኩል ወደ ሺቡያና ሺንጁኩ ይታጠፋሉ። እኔ በመጀመሪያው ሳምንት ስልኬን እያየሁ ገብቼ ሺቡያ ላይ ነው የነቃሁት። ሰሌዳው ላይ የመስመሩን ስም ሳያነቡ አይግቡ።

ሁለተኛ፣ ወርኃዊውን ትኬት፣ ማለትም ቴይኪውን፣ ከመጀመሪያው ቀን ይግዙ። አደጋ ደርሶ የዮኮሱካ መስመር ሲቋረጥ፣ ቴይኪ የያዘ ሰው ቶኪዩ በተባለው ሌላ የባቡር ኩባንያ በቶዮኮ ወይም በሜጉሮ መስመር ያለ ተጨማሪ ክፍያ እንዲሄድ ይፈቀድለታል፤ ካርዱ ላይ ባለው ሒሳብ ብቻ የሚሳፈር ሰው ግን ይህ መብት የለውም፣ ከኪሱ ይከፍላል። የቶኪዩ መድረኮች ከናምቡ በር ቅርብ ናቸው፤ የቶዮኮና የሜጉሮ ባቡሮች ወደ አንድ አቅጣጫ ሲሄዱ በአንድ መድረክ ግራና ቀኝ ስለሚቆሙ፣ ከአንዱ ወርዶ ሌላውን ለመያዝ ጥቂት እርምጃ ይበቃል። ጣቢያ ሲሠራ እንዲህ ነው! የናምቡና የዮኮሱካ መስመሮች ባለቤት የሆነው የጄአር ኩባንያ መተላለፊያ እንዲህ ቢሆን ኖሮ ይህ ጥያቄም ባልተነሣ ነበር።

አዲስ ገቢ፦

ሁለታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ከዮኮሱካው በር አጠገብ ሌላ ቤት እንዳለ ወኪሉን ጠየቅሁት፤ አለ፣ ነገር ግን በወር አሥራ ሁለት ሺህ የን ይበልጣል፣ ደግሞም የምድር ቤት ነው። አሥር ደቂቃ ለማትረፍ ይህን ያህል መክፈል ተገቢ ነው ትላላችሁ?

እናት በኮሱጊ፦

ልጄ፣ ብሩን ተወው፤ «የምድር ቤት» የሚለው ነው ያስደነገጠኝ። በኦክቶበር 2019 የመጣው ትልቁ አውሎ ነፋስ የታማ ወንዝን ሲሞላው፣ ውኃው በፍሳሽ ማስወገጃ ቱቦዎቹ ወደ ኋላ ተመልሶ ወደ ከተማው ወጣ። የዮኮሱካው መስመር አዲሱ የደቡብ በር ራሱ በጭቃ ውኃ ተጥለቅልቆ ነበር፤ የቲኬት ማሽኖቹና ተንቀሳቃሽ ደረጃዎቹ ቆመው፣ ማግስቱን ጠዋት ቡናማ ጭቃ ከወለሉ ሲጠረግ በዓይኔ አይቻለሁ። ከዚያ ወዲህ የመከላከል ሥራ ተሠርቷል፤ ቢሆንም መሬቱ ዝቅተኛነቱ አልተለወጠም። ከመፈረምህ በፊት የካዋሳኪ ከተማ የሚያሳትመውን የጎርፍ ካርታ ተመልከት። በጃፓን ሕግ ወኪሉ ውል ከመፈረሙ በፊት ቤቱ በካርታው ላይ የት እንደሚገኝ እንዲያሳይህ ግዴታ አለበት፤ ሳያሳይህ ከቀረ ራስህ ጠይቅ።

ስለ ረጅሙ መተላለፊያ ከጠየቅከኝ፣ እኔ ስምንት ዓመት ተመላልሼበታለሁ። ዝናብ በሚዘንብበት ጠዋት ጃንጥላው ሁሉ እየተንጠባጠበ ወለሉ ይንሸራተታል፤ አንድ ጊዜ ከፊቴ የምትሄድ ሴት የሕፃን ጋሪዋን ወደ ግድግዳው አስጠግታ የሰው ጎርፍ እስኪያልፍ ስትጠብቅ፣ አንድም ሰው ሳይገፋት፣ አንድም ሰው ደግሞ ቆሞ ሳያሳልፋት ብዙ ደቂቃ ቆመች። ወጣት ነህና አይከብድህም። ሥራህ ሰዓት የሚያፈናፍን ከሆነ ጄአር ከ2023 ጀምሮ የሚሸጠውን፣ በጠዋቱ የግፊያ ሰዓት የማያስገባውን ቅናሽ ቴይኪ ጠይቅ። በዚያ ሰዓት ከገባህ ግን መደበኛው ሒሳብ ከካርድህ ይቆረጣል፤ ስለዚህ መጀመሪያ አለቃህን አነጋግር።

አዲስ ገቢ፦

እማማ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ካርታውን ከፍቼ አየሁት፤ የምድር ቤቱ ያለበት ቦታ ሙሉ በሙሉ ቀለም ተቀብቷል። የመጀመሪያውን ቤት፣ ሦስተኛ ፎቅ የሆነውን፣ ዓርብ እፈርማለሁ። አሥራ አራቱን ደቂቃ ሰኞ ጠዋት በሥራ ሰዓት ደግሜ ለክቼ ውጤቱን እዚሁ እጽፋለሁ።